ማንኮራፋት ነው እንጂ ማኩረፍ አይደለም

ይድረስ ለጋዜጣው አዘጋጅ፤

ጡረታ የወጣሁ ነርስ ነኝ። ከባለቤቴ ጋር 41 ዓመት በትዳር ኖረናል። ዓምና ሁለት ወጣቶች ስለ ፍቅርና ትዳር ዶክመንተሪ እየሠራን ነው ብለው ቤታችን መጡ። ጨዋ ልጆች ናቸው፣ እሺ አልናቸው። አንድ ገጽ ወረቀት አስፈረሙን። እውነቱን ለመናገር መነጽሬን እንኳ አላደረግኩም ነበር።

ማይኳን ነጠላዬ ላይ ሰክተው ቡና ያፍሉ አሉኝ። "እማማ፣ እንደ ሁልጊዜው ይሁኑ" ይላሉ፤ ወዲያው ደግሞ "መብራቱ አላማረም፣ እንደገና ይቅዱልን"። ሦስቴ ቀዳሁ። በፊልሙ አቦል ተብሎ የሚታየው በረካው ነው። ቡና የሚያውቅ ሰው ቅጥነቱን አይቶ ይስቅብኛል።

እሱስ ይሁን። ልጅቷ "አሁንም አብራችሁ ነው የምትተኙት?" ብላ ጠየቀች። ነርስ ነኝና ብዙም አላፈርኩ። "ከአምስት ዓመት ወዲህ አልጋ ለይተናል፣ ሲያንኮራፋ ቤቱ ይነቃነቃል" አልኩ። ተሳሳቅን። ባለቤቴም የአውቶቡስ ሹፌር ሳለ የነበረውን አነሳ። "ሌሊት ስገባ እሷን እንዳልቀሰቅስ ጫማዬን በር ላይ አውልቄ በካልሲ ነበር የምገባው" አለ። በ41 ዓመት ይህን ስሰማ የመጀመሪያዬ ነው። ክረምት በመጣ ቁጥር ጭቃ የጠጣ ካልሲ እያጠብኩ ይሄ ሰውዬ የት ነው የሚረግጠው እል ነበር እኮ!

ፊልሙ ሲወጣ የካልሲው ነገር የለም። የማንኮራፋቱም የለም። "አልጋ ለይተናል" ብቻ ቀረች፣ ከሥሯ ዋሽንት ገብቶባት። ያቺ ቁራጭ ቲክቶክ ላይ ዞረች። ጉሊት ቲማቲም የምትሸጥልኝ ልጅ "እትዬ፣ አይዞዎት" አለችኝ። በሳምንቱ ከእድራችን ሁለት ሽማግሌዎች ሊያስታርቁን መጡ። ማንኮራፋት ነው እንጂ ማኩረፍ አይደለም እያልኩ ሳስረዳ አመሸሁ።

ሕግ የተማረው የእህቴ ልጅ በ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ አንቀጽ 27 የሰው ምስል ያለ ፈቃዱ ለሕዝብ አይታይም አለኝ። እኔ ግን ፈርሜያለሁ። የፈረምኩት ደግሞ ገና ሳይቀረጽ፣ ምን ተቆርጦ ምን እንደሚቀር ሳላውቅ ነው። ተዋናይ ብሆን ሜካፔን አጥቤ እሄድ ነበር፤ እኔ በማግስቱም በዚሁ ፊቴ ጉሊት እወጣለሁ። ከመለቀቁ በፊት ቁጭ አድርገው ቢያሳዩን ምን ነበረበት?

ኮሪያ ውስጥ 76 ዓመት አብረው የኖሩ ባልና ሚስት ፊልም በ2014 እ.ኤ.አ. ወጥቶ ከ4 ሚሊዮን በላይ ሰው አየው። ባልየው በቀረጻው መሐል አርፈዋል። ሚስትየዋን እንግዳ ደጃቸው ድረስ እየመጣ ሲያስቸግራቸው ዳይሬክተሩ ራሱ እባካችሁ ተዉአቸው ብሎ ለመነላቸው። የእኛዎቹ ስልክ አያነሱም።

ባለቤቴ እንኳ ሰፈር ውስጥ "አክተሩ" ሲሉት ደስ ሳይለው አልቀረም። ልጆቹ ይህን ካነበቡ ካሳ አልጠይቅም። የካልሲውን ክፍል በፍላሽ ያምጡልኝ፤ ቡና አፈላላቸዋለሁ፣ አቦሉን።

አንባቢያችሁ፣ ከጉለሌ