ቶርኔዶውን ማን ቆጠረው? የጂኦግራፊ ክበብ የ2018 ዓ.ም. ዘገባ

ዘንድሮ የክበባችን ዋና ሥራ ቶርኔዶ፣ ማለትም ከደመና ወደ መሬት የሚወርድ ኃይለኛ የነፋስ አዙሪት፣ ነበር። አዳማ ላይ ተቀምጠን የአሜሪካ ቶርኔዶ ምን አገባን ያሉን አልጠፉም። ጥያቄውን ያመጡት ግን ተማሪዎቹ ናቸው። መስከረም መጨረሻ ላይ አንድ ዜና ይዘው መጡ። ሰኔ 2017 ዓ.ም. በሰሜን ዳኮታ ግዛት፣ ኤንደርሊን የምትባል ትንሽ ከተማ አጠገብ ቶርኔዶ ወርዶ ሦስት ሰዎች ገድሎ ነበር። እህል የጫኑ የባቡር ፉርጎዎችን ከሐዲድ አውጥቷል። አንድ ባዶ የፈሳሽ መጫኛ ፉርጎ ደግሞ 145 ሜትር ያህል ወርውሯል። የአገሪቱ የአየር ሁኔታ አገልግሎት ጉዳዩን ለወራት አጥንቶ «ኢኤፍ5 ነው» አለ። ይህ ኢኤፍ በሚባለው የቶርኔዶ መመዘኛ ከፍተኛው ደረጃ ነው፤ ነፋሱ በሰዓት ከ322 ኪሎ ሜትር በላይ ማለት ነው። በኦክላሆማ ሙር የምትባለው ከተማ እ.ኤ.አ. በ2013 ከተመታች ወዲህ ይህ ደረጃ ለማንም ቶርኔዶ አልተሰጠም ነበር።

«የአየር ንብረት ለውጥ ነው ያመጣው?» አሉኝ። አዎ ወይም አይ ብዬ ልገላገል እችል ነበር። ግን ዓመቱን ሙሉ ሊያሠራን የሚችል ጥያቄ መሰለኝ፤ አሠራንም።

መጀመሪያ ከደጃችን ተነሳን። በበጋ ሜዳችን ላይ አቧራ እያዞረ የሚነሳውን ነፋስ የማያውቅ ተማሪ የለንም። ብዙዎቹ ትንሹ ቶርኔዶ ይመስላቸው ነበር። አይደለም። የእኛው ፀሐይ ያጋላት መሬት ያስነሳችው ነው፤ ከታች ወደ ላይ ይወጣል፤ ሰማዩ ጥርት ያለ ሊሆን ይችላል። ቶርኔዶ ግን ከግዙፍ የነጎድጓድ ደመና ነው የሚወርደው። ልጆቹ ለሜዳችን አዙሪት ደብተር ከፍተው ሰዓቱን፣ የመጣበትን አቅጣጫ፣ መሬቱ የታረሰ ወይም ሣር የለበሰ መሆኑን ይመዘግቡ ጀመር። አብዛኛው ከምሳ በኋላ፣ ፀሐይ በከረረችበት ሰዓት ላይ ተመዝግቧል።

ከዚያ ወደ ዋናው ገባን። አሜሪካ ውስጥ ከሜክሲኮ ባሕረ ሰላጤ ሞቃትና እርጥብ አየር ይመጣል። ከሮኪ ተራሮች በኩል ደረቅ አየር ይመጣበታል። ከፍ ብሎ ደግሞ ኃይለኛ ነፋስ አለ። ከታችና ከላይ ያለው ነፋስ በፍጥነትና በአቅጣጫ ሲለያይ መሃሉ ያለው አየር ይሽከረከራል። ይህንን ክፍል ውስጥ በእርሳስ አሳየናቸው፦ በሁለት መዳፍ መሃል አድርገህ አንዱን እጅ ወደፊት፣ ሌላውን ወደኋላ ስትገፋ ይዞራል።

የሙቀቱ ነገር ታዲያ ሁለት ፊት አለው። አየር በ1 ዲግሪ ሴንቲግሬድ በሞቀ ቁጥር 7 በመቶ ያህል ተጨማሪ እርጥበት መያዝ ይችላል። እርጥበቱ የማዕበሉ ነዳጅ ነው፤ ስለዚህ ነዳጁ ይበዛል። በሌላ በኩል የሰሜን ዋልታ አካባቢ ከሌላው ቦታ በፍጥነት እየሞቀ ነው። ከሞቃታማው አካባቢ ጋር ያለው የሙቀት ልዩነት ሲጠብ አየሩን የሚያሽከረክረው የነፋስ ልዩነት ሊዳከም ይችላል። ለቶርኔዶ እርጥበቱና የነፋስ ልዩነቱ በአንድ ቀን መገናኘት አለባቸው።

የዓመቱ ምርጥ ቀን ግን ኮምፒውተር ክፍል ውስጥ ያሳለፍነው ነው። የአሜሪካ የቶርኔዶ መዝገብ እ.ኤ.አ. ከ1950 ጀምሮ ለሁሉም ክፍት ነው። ልጆቹ በየዓመቱ ያለውን ቁጥር በግራፍ አወጡት። እ.ኤ.አ. በ1950ዎቹ በዓመት በአማካይ 500 ገደማ፣ አሁን ወደ 1,200። አንዱ ከመቀመጫው ብድግ ብሎ «ይኸው! ከእጥፍ በላይ!» አለ። ጭብጨባ ሆነ። ከኋላ የተቀመጠች የ10ኛ ክፍል ልጅ ግን «ያኔ ማን ቆጠራቸው?» አለች።

ክፍሉ ጸጥ አለ። እውነትም ያኔ በደመና ውስጥ ያለውን የነፋስ እንቅስቃሴ የሚለካው ዶፕለር ራዳር አልነበረም። በየኪሱ ካሜራ ያለው ስልክም አልነበረም። ሰው በሌለበት ሜዳ ላይ ወርዶ የጠፋ ደካማ ቶርኔዶ አይመዘገብም። ደካሞቹን አውጥተን እንደገና ሣልነው። ወደ ላይ ይወጣ የነበረው መስመር ጋደም አለ። የአየር ንብረት ለውጥን የሚገመግመው የተባበሩት መንግሥታት የሳይንስ አካል፣ አይፒሲሲም፣ እ.ኤ.አ. በ2021 ዘገባው፣ እስካሁን በቶርኔዶ ቁጥር ላይ ታይቷል በሚባለው ለውጥ ያለው መተማመን ዝቅተኛ እንደሆነ ነው የጻፈው። ይህንን ልጆቹ መጽሐፍ ሳይነግራቸው በእጃቸው አገኙት። በመምህርነት ሕይወቴ ከዚህ የበለጠ ደስታ የለኝም።

ደረጃውም ራሱ ጣጣ አለው። ኢኤፍ የሚሰጠው ቶርኔዶው ባደረሰው ጉዳት ነው። ከሙር አደጋ 11 ቀን በኋላ እዚያው ኦክላሆማ ውስጥ ኤል ሪኖ አጠገብ የወረደው 4.2 ኪሎ ሜትር ስፋት ነበረው። ተንቀሳቃሽ ራዳር በሰዓት ወደ 480 ኪሎ ሜትር የሚጠጋ ነፋስ ለክቶበታል። ያለፈው በአብዛኛው በእርሻ ሜዳ ስለነበር ኢኤፍ3 ተባለ። ስለዚህ ለ12 ዓመት ኢኤፍ5 አልተመዘገበም ማለት ለ12 ዓመት ያን ያህል ነፋስ አልነፈሰም ማለት አይደለም።

ታዲያ ምንም አልተለወጠም? ተለውጧል። ቶርኔዶ የሚወርድባቸው ቀናት ቀንሰዋል፤ በአንድ ቀን የሚወርዱት ግን በዝተዋል። እ.ኤ.አ. ከ1979 ወዲህ ለቶርኔዶ የሚመች አየር በአሜሪካ መሃል ካለው ታላቁ ሜዳ እየቀነሰ ወደ ሚሲሲፒ፣ ቴነሲና ኬንታኪ በኩል እየጨመረ ነው። በዚህ ውስጥ የአየር ንብረት ለውጥ ድርሻ ስንት ነው የሚለው ገና አከራካሪ ነው። ለሰው ግን የቦታው ነገር በጣም ያስፈራል። በዚያ በኩል ሕዝቡ ብዙ ነው፣ መሠረት የሌላቸው ቀላል ቤቶች አሉ፣ ቶርኔዶውም ብዙ ጊዜ የሚመጣው በሌሊት ነው። እ.ኤ.አ. በዲሴምበር 2021፣ ባልተለመደ ሙቀት ውስጥ፣ ኬንታኪ ውስጥ ሜይፊልድን የመታው ቶርኔዶ 266 ኪሎ ሜትር ተጉዞ 57 ሰዎች ገድሏል።

ከክበባችን አባላት የአንዷ አክስት ቴነሲ ውስጥ ባለችው ናሽቪል ከተማ ይኖራሉ። መጋቢት ላይ በስልክ አናገርናቸው። እ.ኤ.አ. በ2020 ከእኩለ ሌሊት በኋላ ቶርኔዶ ከተማዋን ሲያቋርጥ የስልካቸው ማስጠንቀቂያ እንደቀሰቀሳቸው፣ ልጆቻቸውን ይዘው መስኮት የሌለው መታጠቢያ ቤት እንደገቡ ነገሩን። «ስልኩን ድምፅ አጥፍቼ ብተኛስ ኖሮ?» ሲሉ ልጆቹ ትንፋሻቸውን ውጠው ነበር የሚያዳምጡት።

የዝናብ መለኪያችንም ዓመቱን ሙሉ ሠርቷል፤ ሰንጠረዡ ቤተ መጻሕፍቱ በር ላይ ተለጥፏል። የአዙሪቱ ደብተር ክረምቱን እኔ ጋ ይቆያል። ጥቅምት ላይ ሜዳው ሲደርቅ አዲሶቹ አባላት ይረከቡታል። መመዝገብ የምትፈልጉ በመስከረም የመጀመሪያ ሳምንት መምህራን ክፍል ፈልጉኝ።