ሽማግሌውን ትወና እንዳታስተምሩብኝ

ይድረስ ለወዳጄ፣

ስለ ዝምታዬ ሰበብ አልደረድርም፤ ስንፍና ነው። ብድርህ አሳፍሮት ነው ብለህም ከሆነ... እሱም ትንሽ አለበት። ይቅር በለኝና እንለፈው።

እህትህ ነገረችኝ። አማትህ እዚያው ኖርዌይ፣ ሐርዳንገር ላይ በሚቀረጽ ፊልም የድሮ ገበሬ ሆነው ሊሠሩ ነው? እኚያ በሠርግህ ቀን ለአንዲት ፎቶ ስንት ሽማግሌ የተላከባቸው ሰውዬ!

ሳቄ ሲያልቅ ግን ስጋት ያዘኝ። ያልሠለጠነ ተዋናይ የሚደርቀው እጁ ባዶ ሲሆን ነው። «ተራራውን እያዩ ይተክዙ» ካሏቸው ግንድ ይሆናሉ። ሥራ ከሰጧቸው ካሜራው ይረሳቸዋል፤ ስለዚህ የሐምሌውን ሣር አጨዳ ይስጧቸው።

ችግሩ፣ የታጨደ ሣር ተመልሶ አይቆምም። «አንዴ ይድገሙልን» ሲባሉ ወደሚቀጥለው ሣር ይሻገራሉ እንጂ ያንኑ አይደግሙም። ለእያንዳንዱ ድጋሚ ቀረጻ ያልተነካ ቁራጭ ሜዳ አስቀድሞ ይከለል። ቀረጻውም ጤዛው ሳይረግፍ ይሁን፤ ደረቅ ሣር ከስለቱ ሥር እየተኛ ያስቸግራል፤ ሽማግሌውም ይናደዳሉ። (ንዴቱ እንኳ አይከፋም፣ ይቅረጹት።) ያ እጀታው ረጅም ማጭድ፣ «ዮ» ነው አይደል የምትሉት፣ ውሃ በሚፈስበት ተሽከርካሪ ድንጋይ ሲሳል አንዱ ያዞራል፣ አንዱ ይይዛል። መዘውሩን ለልጅህ ይስጡት፤ ሁለቱም መተወናቸውን አያስታውሱም።

ከሁሉ የማስበው ለሄሼው፣ ለዚያ ሣር ተሰቅሎ ለሚደርቅበት የካስማና የሽቦ አጥር ነው። ለካስማው ጉድጓድ በድጅኖ ይወጋል፤ ዳርና ዳሩ በሰያፍ እንጨት ይደገፋል፤ አለዚያ እርጥቡ ሣር ሲከብድ እንዳለ ይጋደማል። የታችኛው ሽቦ ሣሩ መሬት እንዳይነካ ከፍ ብሎ ይወጠራል፤ እሱ ሲሞላ ቀጣዩ ከላዩ ይወጠራል። ነፋስ እንዲገባው ሣሩ ሳይወፍር ይሰቀላል፤ የላይኛው ብቻ ዝናቡን እንደ ጣሪያ ክዳን እንዲያንሸራትት ተደርጎ ይደረባል። እንግዲህ የፊልም ሰዎች የከሰዓቱን ትዕይንት ጠዋት መቅረጽ ይወዳሉ። እዚህ አይሆንም፤ ከታች ወደ ላይ ቅደም ተከተሉን ካልጠበቁ፣ በአንዱ ትዕይንት የሞላው ሄሼ በሚቀጥለው ግማሹ ባዶ ሆኖ ይታያል።

ልብሱንም ነገር አደራ። እ.ኤ.አ. በ1926 የተሠራውን «ብሩደፈርደን ኢ ሐርዳንገር» የተባለ ፊልም አይተው በዚያ ዓይነት የሠርግ ልብስ እንዳያሳጭዷቸው። ቡናድ፣ ያ የባህል ልብሳችሁ፣ የክት ነው! ንግግሩንም በወረቀት አይስጧቸው፤ ሐሳቡን ነግረዋቸው በራሳቸው አፍ ይበሉት። ዕድሜ ልካቸውን «እኔ» ለማለት በአገራቸው ዘዬ «ኤግ» ያሉ ሰው በሌላ ዘዬ «ያይ» በሉ ቢባሉ ምላሳቸው ይታሰራል።

ሌላም የምልህ ነበረ... በስልክ ይሻላል። ግን አንድ ነገር ዛሬውኑ ጻፍልኝ፦ የፊልሙ ዘመን መቼ ነው? ሽቦ ከመምጣቱ በፊት ከሆነ ሄሼው በቀጫጭን አግዳሚ እንጨት ነው የሚሠራው፣ ያንን ደግሞ ከአሁኑ ቆርጦ ማዘጋጀት ያስፈልጋል።