ሁለት ዓመት የሚያስፈልገው ፊልም

ለአዘጋጁ፦

ስለ ምሥራቅ ጀርመኗ ተዋናይት ዩታ ሆፍማን ያወጣችሁት ጽሑፍ የሙያ ሕይወቷን «ከበርሊን ግንብ መፍረስ በፊትና በኋላ» ብሎ ከፍሎታል። ይህ አያስኬድም። «ካርላ» በተባለው ፊልም ላይ ተማሪዎቿ ያመኑበትን ደፍረው እንዲናገሩ የምትገፋፋ ወጣት መምህርት ሆና ተጫውታለች። ፊልሙ በ1965 እ.ኤ.አ. ተቀረጸ፣ ታገደ፣ ለሕዝብ የታየው በ1990 ነው። ተመልካች ሲያያት ያቺ ወጣት የለችም፤ ተዋናይት ደግሞ ዕድሜዋ ቆሞ አይጠብቃትም። በ1976 ዘፋኙ ቮልፍ ቢርማን የምሥራቅ ጀርመን ዜግነቱን ሲነጠቅ በተቃውሞ ፈረመች፤ በኋላም ወደ ምዕራብ ሄደች። መታጠፊያዋ ከግንቡ መፍረስ ቀድሞ መጥቷል ማለት ነው።

ወደፊት የእንዲህ ያሉ ተዋንያንን ፊልሞች ስትዘረዝሩ፣ የተቀረጹበትና የታዩበት ዓመት ለየብቻ ቢጻፍ ጥሩ ነው።

አንድ አንባቢ