«ምንም የለም» ስላላችሁት ባሕር

ይድረስ ለዝግጅት ክፍሉ፣

«ድሪፍት» ስለተባለው የጀርመን ፊልም ያወጣችሁትን ጽሑፍ አነበብኩት። ሌላው ይለፍ። አንዲቷ ዓረፍተ ነገር ግን አልዋጥ አለችኝ፦ «ግማሽ ሰዓት ያህል ከውሃ በቀር ምንም የለም፤ ባሕር ለሌለን ለእኛማ ጭራሽ አይገባንም።»

እኛ ስትሉ እነማንን ነው? እኔ የመርከብ መሐንዲስ ነኝ። የተማርኩት ባሕር ዳር፣ ማሪታይም አካዳሚ ነው። ከዚያ የወጡ የአገራችን ልጆች ዛሬ በየውቅያኖሱ ይሠራሉ። እኛ አንባቢዎቻችሁ አይደለንም?

ወደ ፊልሙ ልመለስ። ሄሌና ቪትማን የሠራችው ነው፤ በ2017 እ.ኤ.አ. ቬኒስ ላይ ታየ። ሁለት ሴቶች ሰሜን ባሕር ዳርቻ ቅዳሜና እሁድን አብረው ያሳልፋሉ። አንዷ አርጀንቲና ወዳሉት ቤተሰቦቿ ልትመለስ ነው። ሌላዋ ካሪቢያን ትሄድና በሸራ ጀልባ አትላንቲክን ታቋርጣለች። እስከዚህ ድረስ ልክ ጽፋችኋል። መሬቱ ከዓይን ሲጠፋ ግን እናንተም ጠፋችሁ። ከዚያ በኋላ ታሪኩን የሚነግረን ባሕሩ ራሱ ነው። አንዱ ማዕበል ሌላውን አይመስልም። የኒካ ሶንን የድምፅ ሥራ ደግሞ በአንድ ቃል እንኳ አላነሳችሁትም። እንዲህ የሚጽፈው ድምፁን አጥፍቶ ያየ ሰው ነው።

እኛ ሞተር ክፍል ሆነን ባሕሩን አናየውም፤ እንሰማዋለን። ማዕበሉ ሲበረታ የመርከቡ ኋላ ይነሳና መርከቡን እየዞረ የሚገፋው ፕሮፔለር ከውሃው ብቅ ይላል። ያኔ ሞተሩ ጭነቱ ቀሎት ይጮኻል። ተመልሶ ሲጠልቅ ያቃስታል። በሌሊት ፈረቃ ውጭ ያለውን የማውቀው በዚህ ነው። እናንተ «ምንም» ያላችሁት ይህንን ነው!

ሽማግሌ የላክሁ ጊዜ የልጅቷ አባት መጀመሪያ የጠየቁት «ባሕር በሌለበት አገር የምን መርከብ ነው?» ብለው ነበር። እሳቸው ቢሉ አልከፋኝም፤ ለልጃቸው አስበው ነው። ሰው ጠይቆ መጻፍ ሥራው የሆነ ጋዜጠኛ ሲደግመው ግን ያንገበግባል።

ፊልሙ ይሰለቻል ማለት መብታችሁ ነው፤ ቀስ ብሎ የሚሄድ ፊልም ስለሆነ እንቅልፍ የሚወስደውም ይኖራል። ኢትዮጵያዊ አይገባውም ማለት ግን ከየት ያመጣችሁት ሥልጣን ነው? ያቺን ዓረፍተ ነገር አርሙልን። ሌላ ጊዜ ስለ ባሕር ስትጽፉም ለአንዳችን ደውሉ። ወደብ ስንገባ ስልካችን ይሠራል።

አንድ የመርከብ መሐንዲስ