ስለ ተልባ ገበሬው ታውንሊ

ይድረስ ለምወድዎና ለማከብርዎ አባቴ፣ ለጤናዎ እንደምን ሰንብተዋል? እኔና ቤተሰቤ እግዚአብሔር ይመስገን ደኅና ነን።

ባለፈው በስልክ ስንነጋገር ታናሽ ወንድሜ ለኅብረት ሥራ ማኅበሩ ሥራ አመራር ኮሚቴ ሊወዳደር መነሣቱን ነግረውኝ፣ «ገበሬ ፖለቲካ ገብቶ ምን አተረፈ? ሶሻሊዝሙንም አየነው» ብለው ነበር። ያዩትን አልክድም፤ በ1967 መሬት ለአራሹ ሲታወጅ የተደሰተው ገበሬ ጥቂት ቆይቶ እህሉን መንግሥት በቆረጠው ዋጋ በኮታ አስረክብ እንደ ተባለ፣ የጎደለበትንም ከገበያ ገዝቶ እስከ መሙላት እንደ ደረሰ ከእርስዎ አፍ እየሰማሁ ነው ያደግሁት። ሆኖም እዚህ አሜሪካ በሚኒሶታ ግዛት ተወልዶ በጎረቤታችን በሰሜን ዳኮታ ግዛት ተልባ ያርስ ስለነበረ ሌላ ዓይነት ሶሻሊስት ልጽፍልዎ ወደድሁ። ከዚህ በኋላ የምጠቅሳቸው ዓመቶች በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።

አርተር ታውንሊ ይባላል፤ ቢች በምትባል ከተማ አካባቢ በብድር ሰፊ መሬት ተልባ ዘርቶ «የተልባ ንጉሥ» እስከ መባል ደርሶ ነበር። በ1912 ያለጊዜው የመጣ ብርድና የዋጋ መውደቅ ተባብረው ባዶ እጁን አስቀሩት፤ ከዚያ በኋላ የሶሻሊስት ፓርቲ ቀስቃሽ ሆነ። ፓርቲው በአሠራሩ ባይደሰትበት ጥሎ ወጣና በ1915 «ከፓርቲ ነፃ ሊግ» የተባለውን የገበሬዎች ማኅበር መሠረተ።

የገበሬው ብሶት ለእርስዎ እንግዳ አይደለም። ገበያ ያወጡትን ማኛ ጤፍ ሰርገኛ ነው ብሎ ዋጋውን የሚጥል ነጋዴ ስንት ጊዜ ገጥሞዎታል? የዚያ አገር ስንዴም ደረጃና ዋጋ የሚቆረጥለት እኔ በምኖርባት በሚኒያፖሊስ ነበር፤ በፋርጎ የእርሻ ኮሌጅ የነበሩት ኬሚስት ኤድዊን ላድ ዝቅተኛ ተብሎ በርካሽ የተገዛውን ስንዴ አስፈጭተው ቢመረምሩት መልካም ዱቄት የሚወጣው ሆኖ አገኙት። ሕዝቡ የግዛቱ መንግሥት የራሱን የእህል ጎተራ እንዲሠራ ሁለት ጊዜ ድምፅ ሰጥቶ ሳለ ምክር ቤቱ በ1915 እንቢ አለ፤ አንድ የምክር ቤት አባልም አቤት ሊሉ የመጡትን ገበሬዎች «ወደ ቤታችሁ ሂዱና አሳማዎቻችሁን መግቡ» ብሏቸዋል ተባለ። ሰውየው አላልሁም ብሎ ቢምልም ንግግሩ በየመንደሩ ተዛምቶ ቀረ።

ታውንሊ በፎርድ መኪና ከእርሻ እርሻ የሚዞሩ ቀስቃሾችን አሰማራ፤ የመዋጮ ገንዘብ በእጁ ከሌለው ገበሬ፣ መከር ሲገባ የሚመነዘር ቼክ ይቀበሉ ነበር። እኔን ከሁሉ የሚገርመኝ ግን አዲስ ፓርቲ አለማቋቋሙ ነው፤ በገዢው በሪፐብሊካን ፓርቲ የዕጩዎች ምርጫ ውስጥ ገብተው የራሳቸውን ሰዎች አስመረጡ። በ1916 ሊን ፍሬዚየር የተባለ ገበሬ ከእርሻው ተነሥቶ አገረ ገዢ ሆነ። በ1919 ሁለቱንም ምክር ቤቶች ይዘው የግዛቱን ባንክ መሠረቱ፣ የሕዝብ የዱቄት ፋብሪካ እንዲሠራ ወሰኑ፣ ለበረዶ ጉዳት መድን አቆሙ።

ውድቀቱም ፈጥኖ መጣ። በመጀመሪያው የዓለም ጦርነት ጊዜ ሊጉ በአገር ክህደት ተከሰሰ፣ ታውንሊም የወታደር ምልመላን ለማሰናከል አሢሯል ተብሎ ከጦርነቱ በኋላ ሚኒሶታ ውስጥ ዘጠና ቀን ታሰረ። ሊጉን ያዳከመው ግን ጠላት ብቻ አልነበረም። ታውንሊ ሥልጣኑን በጥቂት ሰዎች እጅ ሰብስቦ ስለያዘ መዋጮ ከፋዩ ገበሬ በገንዘቡም በአመራሩም ላይ እምብዛም ቃል አልነበረውም፤ ይህን ጉድለት ቀላል ነው አልልዎትም። በስተርጅናውም ሶሻሊስትነቱን ጥሎ፣ «የገበሬዎች ዩኒየን» የተባለውን ሌላ የገበሬ ማኅበር ኮሚኒስት እያለ ይወነጅል ነበር።

በጥቅምት 1921 መራጩ ሕዝብ ፍሬዚየርን ከሥልጣን አወረደው፤ በአሜሪካ ታሪክ በሕዝብ ድምፅ የተሻረ የመጀመሪያው አገረ ገዢ እርሱ ነው። በዚያው ቀን ግን ያው መራጭ ባንኩን ለማፍረስ የቀረበለትን ሐሳብ ውድቅ አደረገ። እርስዎ በኖሩበት ዘመን ሹሙን ሽሮ ጎተራውን ግን ማቆየት የሚችል ገበሬ አልነበረም፤ ሁለቱን ሶሻሊዝሞች አንድ ናቸው ማለት የሚከብደኝም በዚህ ነው። ባንኩ እስከ ዛሬ አለ፤ በግራንድ ፎርክስ የተሠራው ፋብሪካም እስከ ዛሬ የገበሬውን ስንዴ ይፈጫል።

ስለዚህ ወንድሜን ከመከልከልዎ በፊት አንድ ነገር ይጠይቁልኝ፦ የማኅበሩ የኦዲት ሪፖርት በጠቅላላ ጉባኤ ፊት ይነበባል ወይ? አባላቱስ ኮሚቴውን በድምፅ አውርደው ያውቃሉ? መልሱን በሚቀጥለው ስልክ ይነግሩኛል፤ እኔም ይወዳደር ወይስ ይቅር የሚለውን ሐሳቤን ያኔ እነግርዎታለሁ።

አክባሪ ልጅዎ
ከሚኒያፖሊስ