የሒሳብ ክበብ ዘገባ፦ የጎደለችው አንድ እስክሪብቶ

ዘንድሮ ክበባችን 26 አባላት ነበሩት፤ ሁሉም የ5ኛና የ6ኛ ክፍል ልጆች። ረቡዕ ረቡዕ ከትምህርት በኋላ እንገናኛለን። መስከረም ላይ ተመካክረን የዓመቱን ርዕስ አንድ ብቻ አደረግነው፤ ትልቁ የጋራ አካፋይ፣ ልጆቹ እንደሚሉት ት.ጋ.አ፤ የተሰጡትን ቁጥሮች ሁሉ ያለ ቀሪ የሚያካፍለው ትልቁ ቁጥር ማለት ነው። ክፍል ውስጥ ይማሩታል፣ ፈተና ላይ ይመልሱታል፣ ከዚያ ይረሱታል። እኔን የሚያንገበግበኝ ይሄ ነው። ቁጥሩን ማውጣት አያቅታቸውም፤ መቼ እንደሚያስፈልግ ነው የሚጠፋባቸው።

ታኅሣሥ ላይ ወላጆች አቅም ላነሳቸው ተማሪዎች ያዋጡት ደብተር፣ እስክሪብቶና ላጲስ መጣልን። ምንም ሳይተርፍ፣ ሁሉም እኩል እንዲያገኝ፣ ቢበዛ ለስንት ልጅ ይደርሳል? ልጆቹ ወለሉ ላይ ዘርግተው ቆጠሩ። 96 ደብተር፣ 71 እስክሪብቶ፣ 48 ላጲስ። 71 ብቸኛ ቁጥር ነው፤ ከ1ና ከራሱ በቀር አካፋይ የለውም። ከ1 በቀር የጋራ አካፋይ የለም። «ቲቸር፣ ለአንድ ልጅ ብቻ ነው የሚሆነው» አለ አንዱ ቅር ብሎት። ደግመው ቆጠሩ። ያው 71። ካርቶኑን ገለበጡት፣ ዴስክ ሥር ፈለጉ። በመጨረሻ አንዲት ልጅ የክበቡን ጸሐፊ እጅ አየች። ጸሐፊዋ ቆጠራውን የምትመዘግብበት እስክሪብቶ ከዚያው ካርቶን የወጣ ነበር!

72 ሆነ። ት.ጋ.አ 24። ለ24 ልጆች፣ ለእያንዳንዳቸው 4 ደብተር፣ 3 እስክሪብቶና 2 ላጲስ። አንድ እስክሪብቶ ስትጎድል 24 ወደ 1 እንደሚወርድ በዓይናቸው አዩ። እኔ ሰሌዳ ላይ ብዙ ደክሜ እንደዚያ ላስረዳቸው አልችልም ነበር።

የካቲት ላይ ለስፖርት ቀን 84 ወንዶችና 60 ሴቶች ተመዘገቡ። አንዱ ቡድን የያዘውን ያህል ወንድና ሴት ሌላውም እንዲይዝ አደልድሉ ተባልን። ልጆቹ ወዲያው አወጡት፦ 12 ቡድን፣ በእያንዳንዱ 7 ወንድና 5 ሴት። ለስፖርት መምህሩ ሊነግሩ ሮጡ። መምህሩ ግን ያሏቸው ኳሶች 6 ናቸው። ልጆቹ ተደናገጡ፤ የት ጋ ተሳሳትን ብለው ስሌቱን እንደገና ሠሩት። አልተሳሳቱም። 6ም እኮ የጋራ አካፋይ ነው፤ «ቢበዛ ስንት ቡድን» ያለን የለም። 6 ቡድን፣ 14 ወንድና 10 ሴት። ከዚያ ወዲህ ጥያቄ ሲቀርብላቸው መጀመሪያ የሚፈልጉት «ቢበዛ» የሚለውን ቃል ነው። ይሄን ልማድ በጣም ወድጄዋለሁ።

ሚያዝያ አስቸገረን። በየ4 ቀኑና በየ6 ቀኑ የጽዳት ተራ የሚደርሳቸው ሁለት ቡድኖች ዛሬ አብረው ቢያጸዱ፣ ከስንት ቀን በኋላ ይገጣጠማሉ? ግማሹ ክበብ 2 አለ። መልሱ 12 ነው፤ ትንሹ የጋራ ብዜት፣ ማለትም ለ4ም ለ6ም ያለ ቀሪ የሚካፈለው ትንሹ ቁጥር። እሱ ገና በደንብ አልጠራላቸውም።

ግንቦት ላይ የቤተ መጻሕፍቱን ወለል ለካን። 630 በ480 ሴንቲ ሜትር። ሳይቆረጥ ልክ የሚገባው ትልቁ ካሬ ሴራሚክ ስንት በስንት ነው? ይህን በስሌት አላሠራኋቸውም። ከፍሊፕ ቻርት ወረቀት 63 በ48 ሴንቲ ሜትር ቆርጬ መቀስ ሰጠኋቸው። ከወረቀቱ የሚወጣውን ትልቁን ካሬ ቁረጡ፤ ከተረፈው ላይ ደግሞ እንደዚያው፤ እስኪያልቅ ድረስ። መጀመሪያ አንድ ባለ 48 ወጣ። ከተረፈው ሦስት ባለ 15። ከዚያ አምስት ባለ 3፣ ምንም ሳይተርፍ። ባለ 3ቱ ካሬ መቀስ በያዘችው ልጅ መዳፍ ላይ ቁጭ አለ። ወለሉ ላይ ሲሆን 30 ሴንቲ ሜትር ማለት ነው፤ ገበያ ላይ ያለው የተለመደ ሴራሚክ። 21 በ16፣ በጠቅላላው 336 ፍሬ።

ይህን መንገድ ከ2300 ዓመት ገደማ በፊት የጥንቱ የግሪክ የሒሳብ ሊቅ ዩክሊድ ጽፎት እንደነበር ነገርኳቸው። በእስክንድርያ ያስተምር የነበረ ሰው ነው ስላቸው የሰንበት ትምህርት ቤት ልጆች ከተማዋን ወዲያው አወቋት።

የመጨረሻው ረቡዕ ላይ ያችው መቀስ የያዘችው ልጅ ወደ ኋላ ቀረች። «ቲቸር፣ ወለሉ ሁለት ቁጥር ነው። ደብተሩ፣ እስክሪብቶውና ላጲሱ ግን ሦስት ነበሩ። ያንን በወረቀት እንዴት እንቆርጠዋለን?» መልሱን አልነገርኳትም። ባለ 3ቱን ካሬ ለክረምቱ ይዛው ሄዳለች። መስከረም ላይ ከእሷ ጥያቄ እንጀምራለን።