3 ሚሊዮኑ ስንት ነው?

ይድረስ ለውድ እህት ዓለም፤

ለጤናሽ እንደምን ከርመሻል? ባለቤትሽ፣ ልጆቹ፣ እማማስ ደህና ናቸው ወይ? እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ። አንቺ ለቡ፣ እኔ ሰንጋ ተራ፣ አንድ ከተማ ውስጥ እየኖርን እንዲህ መጠፋፋታችን ለሰሚውም ይገርማል። ማን ቀድሞ ዝም እንዳለ እንመርምር ካልን ሌላ ዓመት ስለሚፈጅብን፣ ነገሩን ለሽማግሌ እንተወው።

በታናሽ እህትሽ በኩል የላክሽው ደብዳቤ ደርሶኛል። ከሜክሲኮ አደባባይ ወረድ ብሎ አፓርታማ ማግኘታችሁን ሳነብ እልል ልል ምንም አልቀረኝም። ቀጥሎ ያለውን ግን ሁለት ጊዜ አነበብኩት። «ባንኩ 3 ሚሊዮን ብር ሊያበድረን ተስማምቷል፤ ወለዱ 16 በመቶ፣ የመክፈያው ጊዜ 20 ዓመት ነው። በወር 41,700 ብር ገደማ ይደርሳል። አሁን ለኪራይ 30,000 እየከፈልን አይደል? 12,000 ብር ጨምረን ባለቤት ሆንን ማለት ነው» ብለሻል። አንቺ ምርቃት ጠይቀሽ እኔ ሒሳብ ልልክልሽ ነውና ታገሺኝ። የሒሳብ ሠራተኛ ወዳጅ የያዘ ሰው ከዚህ አያመልጥም።

ትናንት ሰዉ ሁሉ ለምሳ ሲወጣ ከኮምፒውተሬ ጋር ቀረሁና የ20 ዓመቱን ክፍያ ወር በወር ዘረጋሁት። 240 መስመር ሆነ። የመጀመሪያውን መስመር እንዳለ ልገልብጥልሽ፦ ክፍያ 41,738 ብር፤ ከዚህ ውስጥ ወለድ 40,000፤ ከዋናው ዕዳ የሚቀነሰው 1,738። ሁለተኛው ወር፦ ክፍያ ያው 41,738፤ ወለድ 39,977፤ ከዋናው የሚቀነስ 1,761። ሦስተኛውን አልጽፍልሽም፣ ገብቶሻል።

ባንኩ እያጭበረበረሽ አይደለም። ወለድ የሚታሰበው በቀሪው ዕዳ ላይ ነው፤ መጀመሪያ ላይ ቀሪው ዕዳ 3 ሚሊዮን ሙሉውን ስለሆነ ወለዱም ሙሉ ነው። ወርኃዊው ክፍያ እስከ መጨረሻው እኩል እንዲሆን ስለተደረገ ደግሞ ወለዱ በልቶ ለዋናው የሚተርፈው ፍርፋሪ ይሆናል። እቁብ የለመደ ሰው እዚህ ላይ ነው የሚሳሳተው። እቁብ ላይ የጣልሽው ሁሉ ያንቺው ነው፤ ዕጣው ቢዘገይ እንጂ አይጎድልም። እዚህ ግን ከምትጥይው አብዛኛው፣ ለብዙ ዓመታት፣ የገንዘቡ ኪራይ ነው። «ከኪራይ ወጣን» ያልሽው ለዚህ ነው ደብዳቤሽን ሁለት ጊዜ ያስነበበኝ። ቤት አከራይሽን ትተሽ ገንዘብ አከራይ ዘንድ ልትገቢ ነው።

አምስት ዓመት ወደፊት እንሂድ። እስከዚያ የከፈልሽው ወደ 2 ሚሊዮን 504 ሺህ ብር ይሆናል። የቀረብሽ ዕዳስ? 2 ሚሊዮን 842 ሺህ። ከዋናው የተነሣልሽ 158 ሺህ ብር ብቻ ነው። ስለዚህ «ካልተስማማን ከጥቂት ዓመት በኋላ እንሸጠዋለን» የሚለው የባለቤትሽ ሐሳብ የሚያዋጣው የቤቱ ዋጋ ጥሩ አድርጎ ከጨመረ ነው። በአዲስ አበባ ሲጨምር ኖሯል፤ ይህን አልክድም። ግን በዕዳው ማነስ የምታተርፊው ነገር በዚያን ጊዜ የለም። ከአንድ ወር ክፍያ ውስጥ የዋናው ድርሻ ከወለዱ መብለጥ የሚጀምረው በ16ኛው ዓመት ነው። ያን ጊዜ ትልቁ ልጅሽ ዩኒቨርሲቲ ጨርሶ ሥራ ይዞ ይሆናል።

በድምሩ 10 ሚሊዮን 17 ሺህ ብር ገደማ ትከፍያለሽ። 3 ሚሊዮኑ ያንቺ ብድር፣ 7 ሚሊዮኑ ወለድ። እያንዳንዱ የተበደርሽው ብር 3 ብር ከ34 ሳንቲም ሆኖ ይመለሳል ማለት ነው። የወጥ ቤቱን ካቢኔት ከብድሩ ላይ 300,000 ብር ወስደን እናሠራዋለን ያልሽውን ነገር በዚህ ዓይን እይው፦ 1 ሚሊዮን ብር የወጣበት ካቢኔት ነው። ሳይቸግር ጤፍ ብድር ይሉሻል ይህን ነው። ካቢኔቱ ቆይቶ ይደርሳል፤ እስከዚያ ድስቱን መደርደሪያ ላይ አስቀምጪ።

አሁን ደስ ወደሚለው ልምጣ። ይኸው ሒሳብ ሲገለበጥ ላንቺ ያደላል። ዘመኑን ከ20 ወደ 15 ዓመት ብታወርጂው ወርኃዊው 44,061 ብር ይሆናል። የጨመረው 2,323 ብር ብቻ ነው። የጠቅላላው ክፍያ ግን ከ10 ሚሊዮን ወደ 7 ሚሊዮን 931 ሺህ ይወርዳል። ከ2 ሚሊዮን ብር በላይ የሚያተርፍ ፊርማ ነው። ወይም ውሉን በ20 ዓመት ትፈርሚና በየወሩ 5,000 ብር በፈቃድሽ ትጨምሪያለሽ፤ ያን ጊዜ ዕዳው በ12 ዓመት ከ3 ወር ያልቃል፣ 3 ሚሊዮን 180 ሺህ ያህል ወለድም ይቀርልሻል። እኔ የምወደው ሁለተኛውን ነው። ልጅ የታመመ ወር፣ ሥራ የቀዘቀዘ ወር፣ 5,000ዋን ታስቀሪያለሽ፤ ማንም አይጠይቅሽም። የ15 ዓመቱ ውል ግን ይጠይቅሻል።

አንድ ነገር ብቻ። የጨመርሽው ገንዘብ ከዋናው ዕዳ ላይ እንዲቀነስ በጽሑፍ ተስማሚ። አለዚያ ለሚቀጥለው ወር ክፍያ ተቆጥሮ ይቀመጥና ልፋትሽ ከንቱ ይቀራል። ከጊዜው ቀድሞ ለሚከፍል ቅጣት አለ ወይ ብለሽም ጠይቂ።

የወለዱን አንቀጽ አንብበሻል? በእኛ ሀገር የብድር ውል ውስጥ «ባንኩ የወለድ ምጣኔውን ሊያሻሽል ይችላል» የሚል መስመር የተለመደ ነው፤ አንዳንዴ በጣም ትንንሽ ፊደል ይጻፋል። 16 ወደ 18 በመቶ ቢወጣ በመጀመሪያው ወር ወለዱ ብቻውን 45,000 ብር ነው። አንቺ 41,738 እየከፈልሽ ብትቀጥይ ዕዳሽ መቀነሱ ቀርቶ ማደግ ይጀምራል። በ20 ዓመት ለመጨረስ 46,299 ብር መክፈል ይኖርብሻል። ስለዚህ 41,700 ብር ትችሉ እንደሆነ ሳይሆን 46,000 ብር ትችሉ እንደሆነ ነው ከባለቤትሽ ጋር ማታ ቁጭ ብላችሁ መነጋገር ያለባችሁ። ብሔራዊ ባንክ በሐምሌ 2016 ዓ.ም. የራሱን የፖሊሲ ወለድ፣ ማለትም ለባንኮች ወለድ መነሻ የሚሆነውን፣ በ15 በመቶ ጀምሮታል፤ የባንኮች ወለድ ከዚያ በታች ይወርዳል ብዬ አልጠብቅም።

ባለቤትሽ «ብር እየረከሰ ስለሆነ ዕዳውም አብሮ ይረክሳል» እንደሚል አውቃለሁ። ነጋዴ ስለሆነ ይህ ሐሳብ ይቀርበዋል፣ ደግሞም ባዶ አይደለም። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የምንዛሪው ሥርዓት ሲለወጥ ዶላር ከ57 ብር ገደማ ተነሥቶ በሳምንታት ውስጥ 100 ብርን አለፈ። ከዚያ በፊት በብር ተበድሮ ቤት የያዘ ሰው ዛሬ ፈገግ ይላል። በ18ኛው ዓመት 41,738 ብር የዛሬውን ያህል እንደማይከብድሽም እስማማለሁ። ነገር ግን ዕዳ የሚረክሰው ገቢሽ ከዋጋው ጋር ሲያድግ ነው። የእሱ ሱቅ ዋጋ ይጨምራል፤ ያንቺን ደመወዝ ግን ማን ይጨምርልሻል? ከባዶቹ ዓመታት ደግሞ የመጀመሪያዎቹ አምስት ናቸው፣ ያው ክፍያው ሁሉ ወለድ የሆነባቸው። እነዚያን ሳትሻገሪ 18ኛው ዓመት አይመጣም።

ካልተሻገራችሁስ? በአዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረት ባንክ በመያዣ የያዘውን ቤት የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ፣ ፍርድ ቤት ሳይሄድ በሐራጅ መሸጥ ይችላል። ጋዜጣ ላይ የምናያቸው የሐራጅ ማስታወቂያዎች፣ የቤቱን ካሬ ሜትርና የካርታ ቁጥር የሚዘረዝሩት፣ ከዚህ የሚመጡ ናቸው። ላስፈራራሽ አይደለም፤ ካርታው የት እንደሚቀመጥ እንድታውቂ ነው።

ሌሎቹን ወጪዎች ቶሎ ቶሎ ልጥራቸው፦ የባንኩ መሐንዲስ የግምት ክፍያ፣ የስም ማዛወሪያ፣ 2 በመቶ የቴምብር ቀረጥ፣ ውልና ማስረጃ፣ በየዓመቱ የሚታደስ ኢንሹራንስ፣ የጣሪያና ግድግዳ ግብር። በ2017 ዓ.ም. የጸደቀው የንብረት ታክስ አዋጅም አለ። አፓርታማ ስለሆነ የጥበቃው፣ የሊፍቱ፣ የጄኔሬተሩና የውኃ መሳቢያው መዋጮ ከቤት ብድሩ ጋር እኩል ዕድሜ አለው፤ እንዲያውም ብድሩ ሲያልቅ እሱ አያልቅም። መሬቱ ደግሞ የሊዝ ከሆነ የቀረ የሊዝ ክፍያ እንዳለ ሻጩን አስጽፊው። ወለዱ በቀን የሚሰላ ከሆነ ደግሞ ጳጉሜንም ይቆጠራል፤ ደሞዝሽ ግን ጳጉሜንን አያውቃትም።

የቢሮ ባልደረባዬ በወለድ አልባው መንገድ ነው የገዛችው። ሙራባሃ በሚባለው ውል ባንኩ ቤቱን ገዝቶ ትርፉን ጨምሮ ይሸጥልሻል፤ ጠቅላላ ዋጋው ውሉ ላይ በመጀመሪያው ቀን ይጻፋል፣ ከዚያ በኋላ አይነካም። ዘምዘምና ሂጅራን የመሳሰሉ ባንኮች በዚህ መንገድ ይሠራሉ፤ ሌሎቹም መስኮት ከፍተውለታል። ርካሽ ነው ብዬ አልነግርሽም፣ አወዳድሪው። እኔ የወደድኩት ትልቁ ቁጥር ፊት ለፊት መቀመጡን ነው። ያንቺ ባንክ 41,700ን ሲነግርሽ 10 ሚሊዮኑን ማንም አልነገረሽም።

አንዳንዴ ሳስበው እኛ ካዛንቺስ ያደግን ልጆች ይህን ከየት እንማረው? በአዋጅ ቁጥር 47/1967 ትርፍ ቤቶችን መንግሥት ከወረሰ ወዲህ ወላጆቻችን የቀበሌ ቤት ውስጥ በጥቂት ብር ኪራይ ኖሩ። የቤት ዕዳ የሚባል ነገር በዚያ ግቢ ሲወራ ሰምተሽ ታውቂያለሽ? ሲወራ የምንሰማው ጣሪያው ስለማፍሰሱና ቀበሌ አላሳድስም ስለማለቱ ነበር። አሁን ግቢውም የለም፣ ለመልሶ ማልማት ተነሥቷል። ነገሩ የመሀል ከተማ ገዢንም ይመለከታል፦ ቤቱ ያለበት ቦታ በፕላን ምን እንደተመደበ ሳታረጋግጪ አትፈርሚ። ቤት ለልማት ሲነሣ ዕዳ አብሮ አይነሣም።

እንግዲህ ይህን ሁሉ ካልኩ በኋላ «ተይው» የምልሽ መስሎሽ ከሆነ አይደለም። 30,000 ብር ኪራይም ተመልሶ አይመጣም። በ2016 ዓ.ም. የወጣው የኪራይ አዋጅ ውሉ ከሁለት ዓመት እንዳያንስ አድርጓል፣ ጭማሪውንም ገድቧል፤ ቢሆንም ዕቃ ጭኖ ከሰፈር ሰፈር መዞርን ልጆችሽ ሰልችተውታል። እኔ ብሆን እገዛዋለሁ። ግን 3 ሚሊዮኑን 2 ሚሊዮን ተኩል አደርገዋለሁ፣ ካቢኔቱን አወጣለሁ፣ መኪናዋንም እሸጣለሁ። ከሜክሲኮ ባቡር አለ፣ ሚኒባስም ሞልቷል። ወርኃዊው ወደ 34,800 ብር ይወርዳል፣ ድምሩም በ1 ሚሊዮን 670 ሺህ ያህል ይቀንሳል። መኪናዋን ባለቤትሽ እንደሚወዳት አውቃለሁ፤ እኔ እንዳልኩ አትንገሪው።

ባንኩ ዘንድ ስትሄጂ የብድር ባለሙያውን ሙሉውን የአከፋፈል ሠንጠረዥ፣ 240ውንም መስመር፣ አትሞ እንዲሰጥሽ ጠይቂው። «አያስፈልግም፣ ሲስተሙ ላይ አለ» ካለሽ ወንበሩ ላይ ቁጭ በይና ጠብቂ። የውሉን ረቂቅ ደግሞ ከመፈረምሽ በፊት ፎቶ አንሥተሽ ላኪልኝ፤ የወለዱን አንቀጽ፣ የቅጣቱንና ቀድሞ የመክፈያውን እኔ አነባለሁ። ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ቢሮ አልገባም። ሠንጠረዡን ይዘሽ ነይ፣ ሽሮ እሠራለሁ።

ለእማማ ጉልበታቸውን ሳሚልኝ።

እህትሽ፣ ከሰንጋ ተራ